ሰው የሌለበት ቀበሌ

ማተሚያው መንጫጫቱን ሲያቆም ረሻድ ወረቀቱን ገንጥሎ አየው። ገልብጦ ጀርባውን አየ፤ ጀርባው ባዶ ነበር። እንደገና ፊቱን አየና ለአስካለማርያም አቀበላት።

ዜሮ። ከዜሮው ሥር ሌላ ዜሮ። አባወራ ዜሮ፤ ወንድ ዜሮ፤ ሴት ዜሮ፤ ሕፃን ዜሮ፤ ከቦኖ ውሃ የሚቀዳ ዜሮ። ከአናቱ ላይ የቀበሌው ቁጥር በትክክል ታትሟል። ከሥሩ ግን አንዲት ነፍስ የለችም።

«ማሽኗ ምን አለች?» አለች የኔነሽ ከወዲያኛው ጠረጴዛ አንገቷን አስግጋ።

«ኮልፌ ሰው የለም አለች» አለች አስካለማርያም።

«ታዲያ እኛ ምንድን ነን? ጭራቅ?»

ሌላ ቀን ቢሆን ክፍሉ በሳቅ ይፈርስ ነበር። አሁን ግን የሳቀ የለም። የሰኔ ዝናብ ብቻ ቆርቆሮውን ይደበድባል።

ቤቱ ድሮ የአንድ እህል ነጋዴ መጋዘን ነበር። ከተወረሰ በኋላ ለውሃ ጥናት ጽሕፈት ቤቱ ተሰጠ። ክረምት ሲገባ ግድግዳው ዛሬም የጤፍና የአይጥ ሽታ አለው፤ ነፋሱ ከቆሻሻ መጣያው ከቆሼ በኩል ሲዞር ደግሞ የባሰ ይመጣል። አስካለማርያም ሥራ የጀመረችው እዚሁ ነው። እሷና የኔነሽ፣ ሌሎቹም ሴቶች፣ ፊታቸው የተከመረውን ቅጽ አንድ በአንድ እያነበቡ ቁጥሩን በቁልፍ ሰሌዳ ይመታሉ። ግራ እጅ ይገልጣል፤ ቀኝ እጅ ይመታል፤ ዓይን ከወረቀት አይነሳም። ማታ እቤቷ ገብታም እጇ ሥራውን አይተውም። ወጥ ስታማስል ጣቶቿ በማማሰያው ላይ ቁጥር ይመታሉ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት የመጀመሪያው የውሃ ቆጠራ ሲካሄድ የሰፈሯን ቅጽ የመታችው ራሷ ነበረች። ጎረቤቶቿን በስም እያወቀች፣ እንስራቸውን እያወቀች መታቻቸው። ሴቶቹ ቅዳሜም እሑድም እየገቡ ሠሩ። ቁጥሩ ተደምሮ ሲያልቅ በጀቱ ተዘግቶ፣ ቧንቧው ተጭኖ፣ በሌላ ሰፈር በኩል ሄዶ ነበር። ውሃ ያገኘው የተጠማው ሰፈር አልነበረም፤ ቀድሞ የተደመረው ነው። የእነ አስካለማርያም ሰፈር ከዳገቱ ሥር ባለችው አንዲት ቦኖ ቀረ። እዚያ ሰው ወረፋ የሚይዘው ቆሞ አይደለም። ድንጋይ፣ የእንስራ ገል፣ ያረጀ ጫማ በየተራው ይደረድርና ወደ ጉዳዩ ይሄዳል። የትኛው የማን እንደሆነ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል፤ ማንም የማንንም አይነካም። የአስካለማርያም ምልክት የተጨማደደች የዘይት ቆርቆሮ ናት። ዛሬም ጎህ ሲቀድ አስቀምጣት መጥታለች።

ዘንድሮ ግን ሙሽሪት መጣች።

በእንጨት ሳጥን ሆና በአራት ሰው ሸክም ስትገባ፣ ነጭ ጨርቅ ስትለብስ፣ «አትንኳት፣ አቧራ አታስነሱባት» ሲባል የኔነሽ «ይቺማ ሙሽራ ናት» አለችና ስሙ በዚያው ጸና። የማሽኗ ሥራ ማንበብ ነው። ለእሷ ሲባል ቅጹ ተለውጧል። ሰው ቁጥር አይጽፍም፤ ከተደረደሩት ትንንሽ ክቦች መካከል ትክክለኛውን በእርሳስ ያጠቁራል። ወረቀቱ በአንድ ጎኗ ይገባል፤ ከመስታወት ሥር ብልጭ ይላል፤ በሌላው ጎኗ ይወጣል። አንድ ሰው አፉን ከፍቶ ሳይዘጋ የአንድ ቤት ቤተሰብ ተነቦ ያልቃል።

«እንጀራችንን ልትበላ የመጣች ሙሽራ» ይሏት ነበር ሌሎቹ ሴቶች። አስካለማርያምም ይህን ሳታስበው አልቀረችም። ግን ዛሬ ጠዋት ረሻድ እዚሁ ቢሮ ውስጥ ለሙከራ የተሞሉትን ቅጾች ሲያበላት፣ ወረቀቶቹ ሽው ሽው እያሉ ሲወርዱ፣ ቁጥሩ በማሽኗ ግንባር ላይ ሲሮጥ፣ ያ ሁሉ ሐሳብ ከልቧ ወጥቶ ሄደ። የብዙ ሰው የብዙ ቀን ሥራ የተቀዳ ሻይ ሳይቀዘቅዝ አለቀ። አስካለማርያም እጇን በአፏ ላይ ጭና ሳቀች። ቡዳፔስት ድረስ ሄዶ ማሽን የተማረው፣ ፊቱ የማይፈታው ረሻድ እንኳ ትከሻውን ሲሰብቅ ሰው አየው።

ከዚያ የኮልፌን ሳጥን ከፈቱ። ሙሽሪትም ሰው የለም አለች።

የክፍሉ ኃላፊ ጓድ ደመቀ ገባ። ረጅም፣ ጎበጥ ያለ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማያውቅ ሰው ነው። የዜሮውን ወረቀት ተቀብሎ እንደቆመ እስከ ታች አነበበው።

«ፋይሉን የሚወስደው ላንድሮቨር ዘጠኝ ሰዓት ላይ ይነሳል» አለ። «የበጀት ኮሚቴው ዛሬ ይዘጋል። የቀበሌው ሠንጠረዥ ፋይሉ ውስጥ ከገባ ገባ። ካልገባ ለከርሞ ነው።»

«ለከርሞ እንኳ ቢሆን ደግ ነበር» አለች አስካለማርያም። «ያለፈው ጊዜም ለከርሞ ተብሎ ነው የቀረው።»



«በእጃችን እንምታዋ!» አለች የኔነሽ ጣቶቿን እያንቋቋች። «ምን እናጣለን?»

«መስከረም ይጠባብናል» አለች አስካለማርያም።

ረሻድ ይህን ሁሉ አይሰማም። ከሳጥኑ አንድ ቅጽ አንስቶ ወደ መስኮቱ ሄደ። ብርሃን ላይ ያዘው። ቅጹ ንጹህ ነው፤ ክቦቹ አንዳቸውም ሳይጎድሉ በጥንቃቄ ተሞልተዋል። ጣቱን በምራቁ አርሶ አንዱን ክብ ፈተገውና ጣቱን አየ። ጣቱ ሰማያዊ ሆኗል።

«እስክሪብቶ!» አለ ጮኾ።

«እና እስክሪብቶ ቢሆንስ?» አለች የኔነሽ። «ከእርሳስ አይበልጥም እንዴ?»

«ለአንቺ ይበልጣል። እሷ ቀለም አታይም። ዓይኗ የተሠራው እርሳስ እንዲያይ ብቻ ነው። ይኼ» ቅጹን አርገበገበው «ይኼ ለእሷ ነጭ ወረቀት ነው።»

ሌላ አነሳ። እስክሪብቶ። ሌላ አነሳ፤ ከመሃል መዘዘ፤ ከሥር መዘዘ። ሁሉም ውብ ተደርጎ በሰማያዊ ተሞልቷል።

ሊቀመንበሩ ተጠራ። የቀበሌው ጽሕፈት ቤት ከመንገዱ ማዶ ስለሆነ ብዙ አልቆየም። ጓድ ገሜዳ የሱሪው ስለት በዝናብም በጭቃም የማይጠፋ ሰው ነው። ካኪውን ለብሶ፣ ጃንጥላውን ይዞ፣ ለምስጋና የተጠራ መስሎት ፈገግ ብሎ ገባ።

«ጓድ ሊቀመንበር» አለ ደመቀ፣ «ለቆጠራው እርሳስ አልተሰጣችሁም ነበር?»

«ተሰጥቶናል። በካርቶን።»

«ታዲያ?»

«ጓድ፣ የሕዝብ ጉዳይ በእርሳስ ይጻፋል እንዴ? ስብሰባ ጠርቼ እርሳሱን ባሳያቸው ጮኹብኝ። ‹በእርሳስ ጽፋችሁ በላጲስ ልታጠፉን ነው› አሉኝ። አንድ ሽማግሌማ ተነስተው፣ ‹ድሮ መሬቴንም የጻፉልኝ በእርሳስ ነበር› አሉ። ምን ልበላቸው? እውነታቸውን ነው። ከራሴ ቢሮ እስክሪብቶ አወጣሁና በማይጠፋ አስጻፍኳቸው።»

የሚያመሰግነው ሰው ጠበቀ። ማንም አላመሰገነውም። ፈገግታው ቀስ እያለ ከፊቱ ወረደ።

«ማሽኑ እስክሪብቶ አያነብም» አለ ጓድ ደመቀ። «ቀበሌህ ባዶ ሆኖ ወጥቷል። ይህን በላይ ያሉት ሲሰሙ ምን እንደሚሉት ታውቃለህ? አሻጥር ነው የሚሉት።»

ያን ጊዜ ይህ ቃል ተራ ቃል አልነበረም። የተነገረበት ሰው እራቱን እቤቱ አይበላም ነበር። ገሜዳ የተከፈተ ጃንጥላውን ሊዘጋ ሞከረ፤ ውሃው በወለሉ ላይ ይንጠባጠባል።

አስካለማርያም ግን ቃሉን አልሰማችውም። ሌላ ነገር ይዟታል። 

«ጓድ ገሜዳ፣ እርሳሶቹ የት ናቸው?»

«የቶቹ?»

«ካርቶኑ፤ የተሰጣችሁ።»

«ጣቢያው ወሰዳቸው። መሠረተ ትምህርቱ። እርሳስ አጥተው በከሰል ይጽፉ ስለነበር…»

«ተማሪዎቹ አሁን የት አሉ?»

«አዳራሽ። የእናቶቹ ፈረቃ ነው።» ገሜዳ ቀስ ብሎ አያት። «ሁሉም እርሳሳቸውን ይዘዋል። በአንገታቸው ነው ያሰሩት።»

አስካለማርያም ወደ ጓድ ደመቀ ዞረች። «ቅጾቹን ወደ አዳራሹ ልውሰዳቸው። እስክሪብቶ ባለበት ክብ ላይ እርሳስ ይደርቡበት። ሌላ ምንም አይነኩም።»

«የመንግሥት ሰነድ ከዚህ ቤት አይወጣም።»

«እዚህ ተቀምጦ ምን ይሠራል? እዚህ ከተቀመጠ ዜሮ ነው።»

ጓድ ደመቀ ወደ መስኮቱ ሄደ። ከዚያ ሆኖ ዳገቱ ይታያል፤ ከዳገቱ ሥር የቦኖው ወረፋ፣ ድንጋዩ፣ ገሉ፣ ቆርቆሮው በዝናብ ተደርድሮ ይጠብቃል። ዝናቡ ይወርዳል፤ ቦኖዋ ግን ገና አልተከፈተችም። 

«ይዘሽ የወጣሽውን ይዘሽ ትመለሻለሽ» አለ ሳይዞር። «አንዲት ወረቀት ብትጎድል የምጠየቀው እኔ ነኝ።»

«አትጎድልም።»

«ሂጂ።»

ሳጥኑን እሷና የኔነሽ በሁለት በኩል ያዙት። ገሜዳ ጃንጥላውን ከራሱ ላይ አንስቶ በሳጥኑ ላይ ዘረጋው፤ ካኪው ትከሻው ላይ ጥቁር እስኪሆን ራሰ። በጭቃው ላይ ሦስቱም እንደ ሰካራም እየተደጋገፉ ሮጡ።

አዳራሹ ውስጥ እናቶች አግዳሚ ወንበር ላይ ተደርድረው ፊደል ይቆጥራሉ። ከጥቁር ሰሌዳው በላይ የጢማሞቹ ሶሻሊስት መሪዎች ሥዕል ተሰቅሏል። እያንዳንዷ ሴት ከማተቧ ጎን በክር ያንጠለጠለችው እርሳስ አላት። እርሳሱ ለሁሉም እንዲበቃ ተብሎ ለሁለት ተቆርጧልና ሁሉም ቁራጭ ነው። ፊት ላይ የተቀመጡት የአስካለማርያም ጎረቤት፣ እማማ ወርቄ ናቸው። በግራ ዓይናቸው ስለማያዩ ሰሌዳውን ለማየት አንገታቸውን እንደ ዶሮ ያዞራሉ።

አስካለማርያም ነገሩን አስረዳች። እርሳስ ስትል አዳራሹ ታወከ።

«አላልንም ነበር?» አለች አንዷ ከኋላ። «በእርሳስ አንጻፍም አላልንም?»

«ሊያጠፉን ነው!»

«እስክሪብቶው አይነካም!» አለች አስካለማርያም ድምፆቹን ለመብለጥ። «እስክሪብቶው እንዳለ ከሥሩ ይቀመጣል። እርሳሱ ከላዩ ይደረብበታል። ማሽኗ ቀለም አታይም፤ እርሳስ ብቻ ነው የምታየው። ዓይኗ እንደዚያ ነው።»

  አስካለማርያም የሰዓቱ ነገር በጀርባዋ ላይ ሲሄድ ይሰማታል።

«ማሽኗ ሴት ናት?» አሉ እማማ ወርቄ።

«ሙሽሪት ነው የምንላት» አለች የኔነሽ።

«ታዲያ ምን ያስጮኻችኋል? እኔም በግራ ዓይኔ አላይም፤ ሰው ቢያናግረኝ በቀኝ በኩል ይመጣል እንጂ ጥሎኝ ይሄዳል?» እማማ ወርቄ ወደ ሴቶቹ ዞሩ። «ኩል ሳትኳል ሙሽራ አውጥታችሁ ነው የምትሰድቧት። በሉ እንኳላት።» ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው አስካለማርያምን ጠየቋት። «የቦኖው ጉዳይ ነው አይደል፣ ልጄ?»

«የቦኖው ጉዳይ ነው፣ እማማ።»

«በይ አምጪው።»

ቅጾቹ በአግዳሚው ላይ ተዳረሱ። መጀመሪያ እጆቹ ፈሩ። እነዚህ እጆች እርሳስ ከያዙ ገና አንድ ክረምት አልሞላቸውም፤ እንደ መጥረቢያ ጨብጠው የሚይዙት አሉ። ቀስ እያለ ድምፁ ጀመረ። ጫር፣ ጫር፣ ጫር። ከዚያ አዳራሹን ሞላው፤ በቆርቆሮው ላይ ካለው ዝናብ ጋር ተደባለቀ። አንዷ እርሳሷ ሲዶለዱም ከጎኗ ምላጭ ይቀበሏታል። አንዷ ከክቡ ስትወጣ ጎረቤቷ በክርኗ ትነካታለች። «አቤት ይኼ የኔ ቤት ስምንት ልጅ! እጄን አደከመው» ይላል አንዱ ድምፅ። «ስትወልጃቸው ያልደከመሽ አሁን ደከመሽ?» ይላል ሌላው። ያልተሳቀው ሳቅ ሁሉ አሁን መጣ።

አስካለማርያም በመካከላቸው ትዘዋወራለች።  እሷ በመጀመሪያው ቆጠራ በጣቷ የመታችው ሰፈር ዛሬ በራሱ እጅ ራሱን እየጻፈ ነው።

«ወ… ር… ቄ» አሉ እማማ ወርቄ በድንገት። ቅጹን ወደ ቀኝ ዓይናቸው አስጠግተውታል። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ቤቱ የተመዘገበው በእሳቸው ስም ነው። «ኧረ ይኼ እኔ ነኝ! እኔ ራሴ እጄ ገባሁ!»

«እንኳን ደህና መጡ!» አለች የኔነሽ። አዳራሹ አውካካ።

እማማ ወርቄ ግን አልሳቁም። ሌሎቹ ቅጽ እየጨረሱ ሌላ ሲቀበሉ እሳቸው በዚያች ቅጽ ላይ ጎብጠው ቆዩ። አስካለማርያም አየቻቸው፤ ስማቸውን ማንበባቸው ደስ ብሏቸው ነው ብላ አለፈች።

የተጠናቀቀው እየታሰረ፣ በላስቲክ እየተጠቀለለ ወደ መጋዘኑ ይሄዳል። የምትመላለሰው የኔነሽ ናት። በመጀመሪያው ጉዞ እበሩ ስትደርስ ጭቃው እግሯን ከዳት። በጉልበቷ ወደቀች፤ ጥቅሉን ግን ከራሷ በላይ እንደ ታቦት ይዛው ቀረች። ከመጋዘኑ ክዳን ጠርዝ የሚወርደው ውሃ ግን ቀጥ ብሎ ጥቅሉ ውስጥ ገባ።

«እርጥብ ነው!» ጮኸ ረሻድ ቅጾቹን ሲቀበል። «እርጥብ አትበላም! ከጉሮሮዋ ይጣበቃል!» ሁለት ወረቀት ተያይዞ ገብቶ ሙሽሪት አቃሰተችና ቆመች። ረሻድ ክዳኗን ከፍቶ እጁን እስከ ክርኑ ከተተ።

የኔነሽ ጭቃዋን ሳትጠርግ ተከትሏት ወደገባው ሊቀመንበር ዞረች። «ጓድ ገሜዳ፣ ያቺ ሱሪዎን እንደ ቢላ የምትስልዎት ካውያ የት ናት?»

ገሜዳ ለአፍታ አያት። ከዚያ ሮጠ። ሊቀመንበሩ ሲሮጥ ኮልፌ ያየችው ያን ዕለት ነው። ተመልሶ ሲመጣ የከሰል ካውያውን ፍሙ እየጋመ በጃንጥላው ሥር አቅፎት ነበር። ጠረጴዛ ላይ ጨርቅ ነጠፈ፤ እጅጌውን ሰበሰበ፤ ለማንም አልሰጠም። በምራቁ እየለካ፣ ትንፋሹን ይዞ፣ የቀበሌውን ሕዝብ አንድ በአንድ ተኮሰው። ከእያንዳንዱ ቅጽ ትንሽ እንፋሎት ይነሳል። «አይዞህ» ይላል ለወረቀቱ፣ «አይዞህ ቀና በል።»

ረሻድ የተጣበቀውን መዞ አወጣ። ክዳኑን ገጠመ። የመጀመሪያውን የደረቀ ጥቅል ከአፏ አስቀመጠና ቁልፉን ከመጫኑ በፊት አስካለማርያምን ፈለጋት። የመጨረሻውን ጥቅል ይዛ እበሩ ላይ ቆማለች፤ ከነጠላዋ ውሃ ይወርዳል።

«ነይ አንቺ ተጫኚው» አላት።

ተጫነችው።

ሽው። በሙሽሪት ግንባር ላይ ያለው ዜሮ ተንቀሳቀሰ። ሽው፣ ሽው፣ ሽው። ቁጥሩ መውጣት ጀመረ፤ ከዚያ መሮጥ ጀመረ፤ ከዚያ ዓይን የማይዘው ሆነ።

«ኮልፌ ሰው አበቀለች!» አለች የኔነሽ እየዘለለች። ሴቶቹ ሁሉ ከቁልፍ ሰሌዳቸው ተነስተው ከበቡ። እንጀራችንን ልትበላ መጣች ያሉት ራሳቸው «ብዪ! ብዪ እናቴ!» እያሉ ያበረታቷታል። አስካለማርያም ጣቶቿ ከጎኗ ሆነው እየመቱ እንደሆነ አየችና ጨበጠቻቸው። መምታት አያስፈልግም። እየተነበበ ነው። እያንዳንዱ ሽው አንድ ቤት ነው፤ አንድ በር፣ አንድ እንስራ፣ ከቦኖው ሥር አንድ ድንጋይ። እንደ ሕፃን መጮህ አማራት፤ የኔነሽን አንገቷን አንቃ ያዘቻት።

ጓድ ደመቀ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ከሁሉም በስተጀርባ ቆሟል። ሰዓቱን አይቶ፣ ቁጥሩን አይቶ፣ እንደገና ሰዓቱን ያያል። ከውጭ ላንድሮቨሩ ሞተሩን አስነሳ።

የመጨረሻው ቅጽ ገባና ቁጥሩ ቆመ። ሁሉም ማተሚያው ይጀምራል ብሎ ጠበቀ። አልጀመረም። በማሽኗ ጎን ቀይ መብራት በራ። ከታች ካለችው ትንሽ መሳቢያ ውስጥ አንዲት ቅጽ ለብቻዋ ወድቃለች።

«ተፍታታለች» አለ ረሻድ። «አንድ ጥያቄ ላይ ሁለት ክብ ከተጠቆረ አትበላም። ይቺ ካልተስተካከለች መደምደሚያውን አታትምም።»

አስካለማርያም ቅጿን አነሳች። ስሙን አነበበች። ወርቄ። «በቤቱ የሚኖሩ ሰዎች ብዛት» ከሚለው ትይዩ እስክሪብቶው ሦስት ላይ ነው፤ በሦስቱ ላይ እርሳስ ተደርቦበታል። አራትም ላይ እርሳስ አለ። አራቱ ከሁሉም ይበልጥ ጠቁሯል፤ ወረቀቱ እስኪጎረብጥ ተጭነውታል።

ቤቱን ታውቀዋለች። እማማ ወርቄ፣ ልጃቸውና የልጅ ልጃቸው። ሦስት። አራተኛው ወንድ ልጃቸው ፈጠነ ነበር። ሰሜን ከዘመተ ክረምት መጥቶ ሄደ፤ ደብዳቤው ከቆመ ቆየ። የሞተ ነው ያለም የለም፤ አለ ያለም የለም።

ላንድሮቨሩ ጡሩምባውን ነፋ።

አዳራሹ የነበሩት እናቶች ከመጋዘኑ ክዳን ሥር ተጠግተው በመስኮቱ ወደ ውስጥ ያያሉ። እማማ ወርቄ ከፊት ናቸው፤ አንገታቸውን አዙረዋል። አስካለማርያም መስኮቱን ከፈተች።

«እማማ፣ ቤትዎ ሦስት ናችሁ ወይስ አራት?»

«ስንት ይላል?»

«ሦስትም ይላል፤ አራትም ይላል።»

«ሦስቱን ቆጣሪዎቹ ናቸው የጻፉት። አራቱን እኔ ነኝ የጻፍኩት።» ከአንገታቸው ያለውን እርሳስ በሁለት ጣታቸው ያዙት። «ፈጠነ ሲመጣ ውሃ አይጠጣም እንዴ?»

 አስካለማርያም ወደ ጓድ ደመቀ አየች። ጓድ ደመቀ ሰምቷል። አንዴ ሰዓቱን አየ። ከዚያ ጀርባውን ሰጣትና «ሹፌሩን ላቆየው» ብሎ ወጣ።

ላጲሱን ያቀበላት ረሻድ ነው። በሦስቱ ላይ ያለውን እርሳስ ቀስ አድርጋ ፈተገችው። እርሳሱ ሲለቅ ከሥሩ ሰማያዊው እስክሪብቶ ብቅ አለ፤ አልጠፋም፤ ሦስት ብሎ እንዳለ ተቀምጧል። የሰው ዓይን ያየዋል። ፍርፋሪውን እፍ አለችና ቅጿን ከማሽኗ አፍ አስገባች።

ሽው።

ሙሽሪት አልጠየቀችም። ቀዩ መብራት ጠፋ። ማተሚያው መንጫጫት ጀመረ፤ ወረቀቱ እየተጣጠፈ ይወርድ ጀመር፤ በላዩ ላይ አንድም ዜሮ የለም። ረሻድ ገንጥሎ ሰጣት፤ የኔነሽ ተቀብላ ወደ በሩ በረረች። የላንድሮቨሩ በር ሲዘጋ ተሰማ። ገሜዳ ካውያውን እንደያዘ እበሩ ላይ ቀረ። ጎማው ጭቃ ውስጥ ዞረ፣ ዞረ፣ ቆነጠጠና ወጣ። ዳገቱን ሲጨርስ ድምፁ በዝናቡ ተዋጠ።

«ምን አለች?» አሉ እማማ ወርቄ ከመስኮቱ።

«አራት አለች፣ እማማ።»

አሮጊቷ ራሳቸውን ነቀነቁ። እርሳሳቸውን ከቀሚሳቸው ውስጥ ከተቱ፤ ነጠላቸውን በራሳቸው ላይ ጣሉ። ከታች ቦኖዋ ተከፍታ ኖሮ የጀሪካን ድምፅ ይሰማል። ወረፋው ወደሳቸው ድንጋይ ሳይደርስ ለመድረስ፣ ጭቃውን እየመረጡ ቁልቁለቱን ጀመሩ።